በቪዲዮው ውስጥ የሌሉት የሙሽሪት አባት

ሰው «ሥራሽ ምንድን ነው?» ሲለኝ የፊልም ኤዲተር ነኝ እላለሁ። «ምን ማለት ነው?» ይላል። «ሌሎች የቀረጹትን እየቆረጥኩ እቀጥላለሁ» እለዋለሁ። «በቃ? መቁረጥ ብቻ?» ይልና ያዝንልኛል። ድሮ በዚህ ነገር ከስንቱ ጋር ተጣልቻለሁ መሰላችሁ! አሁን ትቼዋለሁ። አዲስ አበባ ውስጥ ብዙ ፊልምና ተከታታይ ድራማ በእጄ አልፏል። ዳይሬክተሮቹ አንዳንዴ ከጎኔ ተቀምጠው ሲያዩኝ «የት ነው የተማርሽው?» ይሉኛል፤ የሆነ የውጭ አገር ትምህርት ቤት እንድጠራላቸው ይጠብቃሉ። «ናዝሬት፣ የሠርግ ቪዲዮ ስቆርጥ» ስላቸው የሚስቁ አሉ። ይሳቁ፣ እኔ ምን ቸገረኝ።

ተወልጄ ያደግኩት አዳማ ነው። አዳማም እላለሁ፣ ናዝሬትም እላለሁ፣ አፌ ላይ እንደመጣልኝ። ኮሌጅ ኮምፒውተር ተምሬ ስጨርስ ሥራ የለም። እናቴ «ሞጆ ደረቅ ወደብ ሰው እየቀጠሩ ነው አሉ፣ ሂጂና ተመዝገቢ» እያለች ጠዋት ማታ ትነዘንዘኛለች። እኔ ደግሞ ኮንቴይነር ሲገባና ሲወጣ እየቆጠርኩ መኖር አልፈለግኩም። አንድ ቀን ከድሮው መናኸሪያ ከፍ ብሎ፣ ከአንድ ልብስ ሰፊ በላይ ባለች ቪዲዮ ቤት በር ላይ «ኤዲተር እንፈልጋለን» የሚል ወረቀት አየሁና ደረጃውን ወጣሁ።

ጋሼን ያገኘኋቸው እዚያ ነው። ቪዲዮ ቤቱ የሳቸው ነበር። ረዥም፣ ቀጭን፣ ካሜራ ከመሸከም ብዛት ቀኝ ትከሻቸው ዝቅ ያለ ሰው። የናዝሬትን ግማሽ የዳሩት እሳቸው ናቸው እየተባለ ይቀለድባቸዋል፤ ያልቀረጹት ሠርግ የለማ! ምንም ሳይጠይቁኝ ወንበር ሰጡኝ፣ የአንድ ሠርግ ቅጂ ከፈቱልኝና «እዪውና የሚያስጠላሽ ቦታ ላይ ቁረጪ» አሉኝ። ሙሽራው ሥጋ እያኘከ አፉን በእጁ ጀርባ ሲጠርግ ቆረጥኩ። «ነገ በጠዋት ነይ» አሉኝ። ሥራ የገባሁት በዚህ ነው።

ትምህርታቸው ሁሉ ቁረጪ ነበር። እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው ከኋላዬ ይቆማሉ። «ሰውየው እያኘከ ነው፣ ቁረጪ። አማትየዋ ፊቷን አኮሳትራለች፣ ነገ ጠብ ያስነሳል፣ ቁረጪ። ዘገየሽ። አሁንም ዘገየሽ። አንቺ ልጅ፣ እጅሽ ተኝቷል እንዴ?» እኔም አላርፍም፣ እመልሳለሁ፣ እጮሃለሁ፤ መጨረሻ ላይ ግን እቆርጣለሁ። የማይሻሩ ሁለት ሕጎች ነበሯቸው። አንደኛው፣ የተንቀጠቀጠ ምስል ቆሻሻ ነው፣ ለደንበኛ አይሰጥም። ሁለተኛው፣ ካሜራማን በምስሉ ውስጥ ከታየ ነውር ነው። ካሜራማኖቻቸውን ሰብስበው «ሙሽራዋ ልጅ ወልዳ ስታየው ሱሪህን ማየት የለባትም!» እያሉ ይቆጧቸዋል። የአንዱ ክርን እንኳ በስህተት ከገባች ሳምንቱን ሙሉ መሳቂያ ይሆናል።

መብራት ሲጠፋ፣ መቼም ናዝሬት ነው ይጠፋል፣ በረንዳው ላይ ወጥተን እንቀመጣለን። ከታች ልብስ ሰፊው «አካም ኦልታን?»፣ እንዴት ዋላችሁ፣ ብሎ በኦሮምኛ ይጮሃል፣ ጋሼ በኦሮምኛ ይመልሱለታል፣ ቀጥሎ ሁለቱም በአማርኛ ስለ መብራት ኃይል ያማሉ። በዚያ ሰዓት የጋሼ አንድያ ልጅ ከትምህርት ቤት ትመጣለች። ያኔ ገና ዩኒፎርም ለባሽ ናት። ቦርሳዋን ትጥልና ከጎኔ ተጣብቃ ሙሽሮቹን ታያለች፤ የዚችኛዋ ቬሎ ያምራል፣ የዚያችኛዋ ጫማ አይሄድም እያለች ትፈርዳለች። አንድ ቀን እንዲሁ ስታይ ቆየችና «አባዬ፣ የኔ ሠርግ ላይ ግን አንተ ካሜራ አትይዝም፣ እሺ? ትቀመጣለህ» አለቻቸው። «እሺ» አሉ ጋሼ። «ማልልኝ!» ብትላቸው «እናቴን!» ብለው ማሉላት። ሁላችንም ሳቅን።

አዲስ አበባ እንድሄድ የገፉኝም እሳቸው ናቸው። አንድ ዳይሬክተር ለወንድሙ ሠርግ መጥቶ ቪዲዮውን አየና «ይሄን የቆረጠው ማነው?» ብሎ ጠየቀ። ሌላ ሰው ቢሆን ይደብቀኝ ነበር። እሳቸው በእጄ ጎትተው አመጡኝና «ውሰዳት፤ ግን ትጮሃለች፣ ቻል አድርጋት» አሉት። የመሰናበቻዬ ቀን እኔ እንባዬን እያዘራሁ እሳቸው ሌንስ ይወለውላሉ፤ ቀና እንኳ አላሉም። ንድድ ብሎኝ ደረጃውን ወረድኩ። ልብስ ሰፊው ታች ያዘኝና «አይክፋሽ። ካሜራ ካልያዙ ያለቅሳሉ፣ እሱን ፈርተው ነው» አለኝ። ያን ጊዜ አላመንኩትም።

ከዓመታት በኋላ አንድ ቀን ጋሼ ደወሉ። «ልጄን ልድር ነው። የምትቆርጪው አንቺ ነሽ፣ ሌላ ሰው እንዲነካው አልፈልግም» አሉኝ። ሠርጉ የነበረው በጥር ነው። የያዝኩት ፊልም ሊመረቅ ደርሶ ስለነበር በሠርጉ ቀን አልለቀቁኝም፤ በሳምንቱ ላፕቶፔን በቦርሳ አንግቼ ናዝሬት ወረድኩ። የጋሼ ባለቤት እትዬ በር ላይ አቅፈው ሳሙኝና «ምነው እንዲህ ከሳሽ፣ አዲስ አበባ ምግብ የለም እንዴ?» አሉ። የሙሽሪት ክፍል ውስጥ ጠረጴዛ አዘጋጅተውልኛል። ሙሽሪት ከባሏ ጋር ለጫጉላ ሐዋሳ ነው ያለችው።

ይህ ቪዲዮ ለቤተሰቡ ብቻ አልነበረም። ጋሼ ሻሸመኔ ያሉ ትልቅ እህት አሏቸው። እናትና አባታቸው በልጅነታቸው ሲሞቱባቸው ጋሼን ያሳደጓቸው እኚህ እህታቸው ናቸው። እህትየው ሲዳሩ የሚመርቃቸው አባት አልነበረም፤ ጋሼን፣ ያኔ ትንሽ ልጅ የነበሩትን፣ ይዘው ነው ባላቸው ቤት የገቡት። ለሠርጉ ሊመጡ ተዘጋጅተው ሳለ ወድቀው እግራቸው ተሰበረ። በስልክ አንድ ነገር ብቻ ነው የጠየቁት። «ድግሱን ተዉት። ወንድሜ ልጁን ሲመርቅ ያለውን አምጡልኝ። እኔን የመረቀኝ አባት አልነበረም፤ የሷን ልይ።» እትዬ ይህን ሲነግሩኝ እንባቸው መጣ። እኔም «እትዬ፣ እሱን ለኔ ተዉት» አልኩና እጅጌዬን ሰበሰብኩ።

ጋሼ ምስሎቹን አስቀድመው በሁለት ፎልደር ለይተዋቸው ነበር። አንዱን «ጥሩ»፣ ሌላውን «ጣይ» ብለውታል። ጥሩውን ከፈትኩ። አቤት ሲያምር! የልጅቷ ፀጉር ሲሠራ፣ ሙሽራውና ሚዜዎቹ ሲመጡ፣ ሴቶቹ በር ላይ «አናስገባም» ብለው ሲዘፍኑ፣ ከሰዓት ሶደሬ ዛፎቹ ሥር፣ ከዚያ አዳራሹ። የጋሼን ቀረጻ ከሌሎቹ ለመለየት ፊርማ አያስፈልግም፤ እጃቸው ንቅንቅ አይልም። ደስ እያለኝ ስቆርጥ አረፈድኩ።

እትዬ ሻይ ይዘውልኝ ገቡ፣ ከኋላዬ ቆመው ትንሽ አዩና «እሱስ የታለ?» አሉ።

«ማን?»

«ማን ትያለሽ እንዴ? የሙሽሪት አባት ነዋ!»

ወደ ኋላ መለስኩት። ወደ ፊት ወሰድኩት። የሉም። ሳሎን ውስጥ የሉም፣ ሶደሬ የሉም፣ ኬክ ሲቆረጥ የሉም። አንድ ቦታ የኮት ጫፍ አገኘሁ፣ እሱም የሳቸው ይሁን አይሁን እንጃ። አዳራሹ ውስጥ የወላጆች ጠረጴዛ ላይ እትዬ በሐበሻ ቀሚስ ደምቀው ብቻቸውን ተቀምጠዋል፤ ከጎናቸው ያለው ወንበር ላይ ደግሞ የካሜራ ቦርሳ ጉብ ብሏል።

«ወይኔ ጉዴ!» አሉ እትዬ። «ባሌ ሞቶብኛል እንዴ? አማቾቼ ምን ይላሉ? ልጅቷን የዳራት ቦርሳ ነው ሊሉ እኮ ነው!»

ለአንደኛው ካሜራማን ደወልኩለት። «ጋሼን አንድ ጊዜ እንኳ አልቀረጻችሁም?» ስለው ደነገጠ። «እንዴ እህቴ፣ ካሜራ ይዘው ነበር እኮ! ካሜራማን ከታየ ነውር ነው ብለው እሳቸው አይደሉ ያስተማሩን? እንዳይገቡብን ስንት ተጠነቀቅን መሰለሽ!» አለኝ። ድምፁ ውስጥ ኩራትም ነበረበት። ምን እለዋለሁ? የተማረውን ነው የሠራው።

ጋሼ ሲገቡ እትዬ ተቀበሏቸው። «አንተ ሰውዬ፣ ለልጅህ ምለህላት አልነበረም?»

«ለአንድ ደቂቃ ብዬ ነው» አሉ ጋሼ ባርኔጣቸውን እያወለቁ። «ካሜራማኑ ልጅ መስኮቱን ከኋላዋ አድርጎ አቁሟት ፊቷን ሊያጠቁረው ሲል አየሁ። እስቲ አንዴ ስጠኝ አልኩት። ከዚያ በኋላ…» እጃቸውን ዘርግተው አሳዩን። ካሜራው ከዚያ በኋላ ከእጃቸው አልወጣም።

«ፎቶ ላይ አለሁ» አሉ ቆይተው።

«ፎቶ ይመርቃል?» አሉ እትዬ። ጋሼ ወንበር ስበው ተቀመጡና ጫማቸውን ያዩ ጀመር። የጮኹት እትዬ ቢሆኑም ይበልጥ የተጎዱት ጋሼ ነበሩ፤ ሻሸመኔ ስላሉት እህታቸው ሲነሳ ድምፃቸው ይቀንሳል። አሳዘኑኝ።

በማግስቱ እትዬ መላ ይዘው መጡ። «ሱፉን አልብሰን አሁን እንቅረጸው! ሳሎኑ ያው፣ ሶፋው ያው፣ ሰውየው ያው። ከወገቡ በላይ ሆኖ ሲመርቅ አንቺ መሃል ላይ ክተቺው። ማን ያውቃል?» ቬሎው ኪራይ ነው፣ ተመልሶ አሰላ ሌላ ሙሽራ ለብሳዋለች አሉ፤ ሙሽሪትም ሐዋሳ ናት። ስለዚህ በልጅቷ ፋንታ እትዬ ራሳቸው ነጠላ ተከናንበው ሊንበረከኩ ወሰኑ፣ በጀርባቸው ነው የሚታዩት። ሐሳቡ ከመጀመሪያውም አልጣመኝም፤ ግን እትዬን እምቢ የሚል ሰው እስካሁን አልተወለደም።

ጋሼ ሱፋቸውን ለብሰው ሶፋው ላይ ተቀመጡ። እኔ ካሜራ ያዝኩ። «ዝቅ በይ» አሉኝ። ዝቅ አልኩ። «ከኋላዬ ያለው አበባ ጭንቅላቴ ላይ በቅሎ የለም?» በቅሏል፣ አነሳነው። «ማይኩን አቅርቢው። ብርሃኑ በዝቷል።» «ጋሼ! እርስዎ ይመርቁ፣ እሱን እኔ አስብበታለሁ!» ብዬ ጮህኩባቸው። እሺ አሉ። እትዬ ነጠላውን ተከናንበው ጉንበስ አሉና ጉልበታቸውን ሳሙ። ጋሼ እጃቸውን ጭናቸው ላይ ዘረጉ፣ አፋቸውን ከፈቱ፣ እትዬን ቁልቁል አዩዋቸው። ከንፈራቸው ተንቀጠቀጠ። ልባቸው ተነካ ስል፣ በሳቅ ፍርስ አሉ።

«አንቺን መርቄ የት ልላክሽ?» አሉ።

እትዬ ነጠላውን ገልጠው ሊቆጡ ቀና አሉ፣ እሳቸውም ሳቁ። ወለሉ ላይ እንደተቀመጡ፣ ጉልበታቸውን ደግፈው፣ እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። ደጋግመን ሞከርን፣ ዓይን ለዓይን በተያዩ ቁጥር ይፈነዳሉ። ያን ቀረጻ እስከዛሬ አላጠፋሁትም፤ ሲከፋኝ እየከፈትኩ አየዋለሁ። ለሻሸመኔ ግን አይሆንም ነበር። ጋሼ ራሳቸው ከረባታቸውን እያላሉ «እሷን መሸወድ አይቻልም። በልጅነቴ ሞክሬ አውቀዋለሁ» አሉ።

በዚያው ሰዓት ሙሽሪት ከሐዋሳ ደወለችልኝ። «ደረሰ?» አለች። እውነቱን ነገርኳት፤ አባትሽ የሉበትም አልኳት። «ቃል ገብቶልኝ ነበር እኮ» አለች። እንዳልተቆጣች ሆና ነው ያለችው፣ እሱ ነው የከፋኝ። ቀጥላ ግን «ቆይ፣ ስወጣ ጉልበቱን ስሜዋለሁ እኮ! መርቆኛል! ያ ቀረጻስ የት ሄደ?» አለችኝ።

የት እንደሄደ ወዲያው ገባኝ። ስልኩን ዘግቼ «ጣይ» የሚለውን ከፈትኩ።

መቼም የጋሼ ቆሻሻ ብዙ አይደለም። የሌንሱ ክዳን ሳይነሳ የተቀረጸ ጨለማ አለ፣ ሰማይ አለ፣ የሰው ጀርባ አለ። ከነዚያ መሃል አገኘሁት። ልጅቷ ሳሎኑ ውስጥ የእናቷን ጉልበት ስማ ቀና ትላለች። ዓይኗ ሰው ይፈልጋል። ከዚያ በቀጥታ ወደ ካሜራው ትመጣለች። ፊቷ እየተጠጋ ስክሪኑን ይሞላል፣ ይደበዝዛል። «አባዬ፣ አስቀምጠው» ትላለች። «ቁሚ፣ ቁሚ፣ ብርሃኑ ከኋላሽ ሆነ!» ይላል የጋሼ ድምፅ። አልቆመችም። ዝቅ አለችና ጠፋች። ካሜራው እሷን ተከትሎ ወደ ታች ዞረ፤ ምንጣፍ፣ የቬሎ ጫፍ፣ የጋሼ ጫማ። ምስሉ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ያ የማይነቃነቀው እጅ እንደዚያ ሲንቀጠቀጥ አይቼ አላውቅም። «እግዚአብሔር ከፊትሽ ይቅደም» አሉ ድምፃቸው እየተሰበረ። «ቤትሽ ይሙላ። እንደ አክስትሽ ለሰው የምትተርፊ ያድርግሽ። እኔ በማልደርስበት እሱ ይጠብቅሽ።» ከዚያ በኋላ ያለው ልቅሶ ነው።

አልቅሼ ሳልጨርስ ጋሼ ከኋላዬ ቆመዋል። ሲገቡ አልሰማኋቸውም።

«ያንን ማን ክፈቺ አለሽ?»

«ልጅዎ።»

«ይንቀጠቀጣል» አሉ።

«አየሁት።»

«ወለል ነው የሚታየው። ለእህቴ ወለል ላሳያት? ቁረጪው።»

«አልቆርጥም።»

ጠብ ሆነ። እሳቸው ይህን ሁሉ ዓመት አንድ የሚንቀጠቀጥ ምስል ከቤቴ ወጥቶ አያውቅም አሉ። እኔ ደግሞ «ታዲያ እርስዎ ያሉበት ይሄ ብቻ ነው! ሌላው ውስጥ ያለው ቦርሳዎ ነው!» አልኳቸው። እንደ ናዝሬት ነፋስ በሩን ድርግም አድርገው ዘግተው ወጡ። ከሰዓቱን ሙሉ ተኳረፍን፤ እትዬ በመሃላችን እየተመላለሱ «ሁለታችሁም አንድ ናችሁ፣ ግትሮች!» ይላሉ። አመሻሹ ላይ ጋሼ ተመልሰው መጥተው በሩ ላይ ቆሙ። ወደኔ ሳያዩ «ምርቃቱ ይግባ። ልቅሶውን ግን ቁረጪልኝ። አማቾች ያዩታል፣ ባልየው ያየዋል፤ ነውር ነው» አሉ። ለመኑኝ ማለት ይቻላል። ስለዚህ «እሱ ይጠብቅሽ» ከሚለው በኋላ፣ እሳቸው እንዳስተማሩኝ ሳልዘገይ ቆረጥኩና የሠርጉ መኪናዎች ሲነሱ የሚያሳየውን አስከተልኩ።

ሻሸመኔ በሚኒባስ ሄድን፣ ጋሼ፣ እትዬና እኔ። ጋሼ መስኮቱ አጠገብ ተቀምጠው ያንን መንገድ በሠርግ በሠርጉ ይነግሩኛል። መቂ ላይ የሽንኩርት ደላላ ሠርግ ቀርጸው ነበር፤ እድምተኛው በሽንኩርት ጭነት መኪና ተሳፍሮ መጥቶ ሁሉም በነጭ ልብሱ ላይ የሽንኩርት ልጣጭ ተሸክሞ ነበር ይላሉ። ዝዋይ ላይ ሙሽራው ሐይቁ ዳር ፎቶ ሲነሳ ጭቃ ውስጥ ገብቶ ጫማው ቀርቷል። ላንጋኖን ስናልፍ ግን ዝም አሉ። «ፈርተዋል እንዴ ጋሼ?» ብላቸው «እሷ ስታየኝ ሁልጊዜ ልጅ ነው የምሆነው» አሉኝ።

እህታቸው አልጋ ላይ ናቸው፣ የተሰበረ እግራቸው በትራስ ተደግፏል። ፊታቸው የጋሼን ይመስላል፣ ዓይናቸው ግን ይበልጥ ያስፈራል። ሙሽሪትና ባሏም ከሐዋሳ መጥተው እግራቸው ሥር ተቀምጠዋል። ልጅቷ ዘላ አቀፈችኝ፤ አባቷን ግን ስትስም ትንሽ ቀዝቀዝ ያለች መሰለኝ። ፍላሹን ቴሌቪዥኑ ላይ ሰካሁ።

እህትየው ደስ እያላቸው አዩ፤ ግን በየመሃሉ «ወንድሜስ?» ይላሉ። ሙሽራው ሲገባ፣ «ወንድሜስ?» ሴቶቹ ሲዘፍኑ፣ «ወንድሜ የታለ?» እትዬ «ይመጣል፣ ትንሽ ይታገሱ» ይላሉ ነጠላቸውን እያፍተለተሉ። ጋሼ በሩ አጠገብ ባለች ዱካ ላይ ቁጭ ብለው፣ ባዶ እጃቸውን የት እንደሚያደርጉት አጥተው ጉልበታቸውን ያሻሉ።

ልጅቷ ወደ ካሜራው መጣች። «አባዬ፣ አስቀምጠው።» ዝቅ አለች፣ ምስሉ ወለሉ ላይ ወደቀ፣ ይንቀጠቀጥ ጀመር። ባልየው «ተበላሸ መሰለኝ» ብሎ ሪሞቱን ሊያነሳ ሲል እህትየው «ዝም በሉ! እሱ ነው!» አሉ። የጋሼ ድምፅ መጣ። እህትየው ሁለት እጃቸውን ወደ ላይ ዘረጉ። «ከፊትሽ ይቅደም» ሲል «አሜን» አሉ። «ቤትሽ ይሙላ» ሲል «አሜን» አሉ። «እንደ አክስትሽ» ሲል ዓይናቸውን ጨፈኑ። እትዬ ደግሞ በሹክሹክታ «አንተ ሰውዬ፣ በልጅህ ሠርግ ያንን አሮጌ ጫማ ነው ያደረግከው?» አሉ። «አዲሱ ይጮሃል፣ ድምፅ ያበላሻል» አሉ ጋሼ፣ እሳቸውም በሹክሹክታ። «እሱ ይጠብቅሽ» አለ ቴሌቪዥኑ፣ እህትየው «አሜን» አሉ፣ የመኪናው ጥሩምባ ተነፋ።

እህትየው ዓይናቸውን ገለጡ። እጃቸው ገና እንደተዘረጋ ነው። አበባ የታሰረባቸው መኪናዎች ያልፋሉ፣ እሳቸው እጃቸውን አላጠፉም።

«አለቀ?» አሉ።

ጋሼ ከዱካቸው ተነሱና ወደኔ ዞሩ። ፊታቸው ተለዋውጧል።

«አንቺ ልጅ፣ ለምን ቶሎ ቆረጥሽው?»

«እንዴ! እርስዎ አይደሉ ቁረጪ ያሉኝ?»

«እኔ ብልስ!» ብለው ጮሁብኝ።

ደስ አለኝ። እንዲህ ሲጮሁብኝ ደስ ብሎኝ አያውቅም። ላፕቶፔን ከቦርሳዬ አውጥቼ አልጋው ላይ አስቀመጥኩና ያልተቆረጠውን ከፈትኩ። ጋሼ መጥተው ከእህታቸው አጠገብ ተቀመጡ፣ ልጅቷ ከታች ጉልበታቸውን ተደገፈች። ምንጣፉ፣ የቬሎው ጫፍ፣ ያ አሮጌ ጫማ፣ ልጅቷ በአንድ እጇ ጫማውን ይዛው። ምርቃቱ አለቀና ልቅሶው መጣ። ረዥም ነው፣ እንደ ልጅ ነው ያለቀሱት፣ ምስሉም አብሯቸው ይንቀጠቀጣል። አሁንም አጠገቤ እያለቀሱ ነበር፣ በባዶ እጃቸው፣ ባልየው ፊት፣ ሁላችንም ፊት። ልጅቷ ቀና ብላ አየቻቸውና ጭናቸው ላይ ተደፋች። እህትየው እጃቸውን አልሰበሰቡም፣ ይጠብቃሉ።

መጨረሻው ላይ ጋሼ አፍንጫቸውን ሲጠርጉ ይሰማል፣ ምስሉም ቀስ እያለ ይረጋል። «በቃ ተነሺ ልጄ» ይላሉ። «ሂጂ፣ ብርሃኑ ሳያመልጠን።» ከኋላዋ የነበረውን የመስኮት ብርሃን ማለታቸው ነው፤ የካሜራማን ነገር።

«አሜን» አሉ እህትየው፣ እጃቸውንም ፊታቸው ላይ አሳለፉት።